ሣር የበቀለበት መንገድ

እህት ዓለም፣

እንደምን አለሽልኝ? የእጅ ጽሑፌን ስታዪ "ይቺ ልጅ አለች እንዴ?" እንደምትይ አውቃለሁ። ልክ ነሽ። እማማ ያረፉ ጊዜ ወንድምሽ ነው ደውሎ የነገረኝ። ወዲያው ቁጥርሽን አወጣሁ። "እግዜር ያጥናሽ" ብዬ እጀምራለሁ፣ ከዚያስ? ነገ አልኩ። ነገ ሳምንት ሆነ። ዐርባው ወጣ፣ ሰማንያው ወጣ፣ ሙት ዓመቱም አለፈ። ከዚያ ወዲያ በምን ፊቴ ልደውል? ሩቅ ጎረቤት እንኳ ድንኳን ገብቶ ንፍሮ ቀምሷል። እኔ የቤቱ ልጅ የነበርኩት አንዲት መልእክት አልላኩም።

ወደ ይቅርታው እመጣለሁ። መጀመሪያ ለምን ዛሬ ብድግ ብዬ እንደጻፍኩልሽ ልንገርሽ።

ዓምና አሮጌ ኪቦርድ ገዛሁ። አትሳቂ። "የአንቺ ጣት ለሽንኩርት ነው የተፈጠረው" ያልሽኝን አልረሳሁም። እዚህ ቪየና አንዲት ሴትዮ ቅዳሜ ቅዳሜ ታስተምረኛለች። ከሁለት ወር በፊት አጭር ኖታ ሰጠችኝ። ሌኦሽ ያናቼክ የሚባል የቼክ አቀናባሪ ሥራ ነው። ርእሱ "ደህና እደሩ"። አንዲት ትንሽ ምት አለችበት፤ ደጋግማ ታንኳኳለች፣ ደጋግማ ትመለሳለች። እናንተ ቤት እንግዳ ሲሸኝ ታውቂው የለ? ኮቱን ለብሶ፣ በሩ ላይ ቆሞ፣ "በሉ ደህና እደሩ" ይላል፤ ግማሽ ሰዓት ሙሉ ግን አይሄድም። ልክ እንደዚያ።

ይቺ ከአሥር አጫጭር የፒያኖ ቁርጥራጮች ሰባተኛዋ ናት። አሥሩም ተደምረው ግማሽ ሰዓት ገደማ ቢሆኑ ነው። አንቺ የእማሆይ ጽጌ ማርያምን ፒያኖ ስለምትወጂ እንደዚያ የሚንሳፈፍ ነገር እንዳትጠብቂ። ይሄኛው ጸጥ ብሎ ይጀምርና ድንገት ይደነብራል፣ ይቆማል፣ ያቋረጠውን እንደገና ያነሣል። መጀመሪያ አልወደድኩትም ነበር።

የስብስቡ ስም "ሣር በበቀለበት መንገድ ላይ" ነው። ምን ማለት ነው ብዬ መምህሬን ጠየቅኳት። ቴሺን በሚባል አካባቢ አንድ የሠርግ ዘፈን አለ አሉ። ሙሽራዋ ወደ እናቴ ቤት የሚወስደው መንገድ ሣር በቀለበት ብላ የምታንጎራጉረው። ያን ቀን ትምህርቱ በዚያው አለቀ። ከአስፋልቱ ታጥፎ እናንተ ግቢ የሚያደርሰው፣ በክረምት ጫማችንን የሚነጥቀን ያ ጭቃ መንገድ ፊቴ ላይ ድቅን አለ። በእኔ በኩል ስንት ጊዜ ሣር በልቶት ከረመ?

ከዚያ በኋላ ሰውየውን ማንበብ ያዝኩ። (ዓመቶቹን በፈረንጅ ነው የምጽፍልሽ።) በ1854 ሞራቪያ ውስጥ ሁክቫልዲ የምትባል መንደር ተወለደ። ዕድሜውን የገፋው ግን ብርኖ ከተማ ውስጥ በሙዚቃ መምህርነት ነው። ከነዚህ ቁርጥራጮች የመጀመሪያዎቹን የጻፋቸው ለፒያኖ እንኳ አልነበረም። ለሃርሞኒየም ነበር፤ በእግር እየረገጥሽ አየር የምትነፊለት ትንሽ ኦርጋን። በ1901 እና በ1902 ታትመው ወጡ። ያኔ ለየብቻቸው ስም አልነበራቸውም።

በዚያው በ1902 ልጁ ኦልጋ ሩስኛዋን ልታሻሽል ሴንት ፒተርስበርግ አጎቷ ዘንድ ሄደች። እዚያ ታይፎይድ ያዛት። ወደ ቤት አምጥተው ወራት አስታመሟት። አባትየው ያኔ "የኑፋ" የተባለውን ኦፔራውን ሊጨርስ ምንም አልቀረውም። ኦልጋ መድረክ ላይ እንደማታየው ስለገባት ተጫወትልኝ አለችው። ፒያኖው ላይ ቁጭ ብሎ ተጫወተላት። የካቲት 1903 ውስጥ ሞተች። ገና ሃያ ዓመቷ ነበር። ከዚያ በፊት በ1890 ደግሞ የሁለት ዓመት ተኩል ወንድ ልጁን ቀብሯል። ሌላ ልጅ አልነበረውም።

ወደነዚያ ቁርጥራጮች ተመለሰ፣ ሌሎች ጨመረባቸው፣ ስምም አወጣላቸው። አሥሩ አንድ ላይ ብርኖ ውስጥ የታተሙት በ1911 ነው። ዘጠነኛው "በለቅሶ" ይባላል። ለአንድ ሐያሲ በጻፈው ደብዳቤ፣ በዚያች ላይ ምናልባት ለቅሶ ይሰማህ ይሆናል ብሎ፣ በሞቃቱ የበጋ ሌሊት ያ መልአክ የመሰለ ፍጥረት እንዴት በሞት ጭንቅ እንደተኛ ይነግረዋል።

የመጨረሻዋ ደግሞ "ጉጉቱ አልሄደም" ትባላለች። እዚያ አገርም ጉጉት ክፉ ነው፣ እህቴ! የታመመ ሰው ቤት መጥቶ፣ ሲያባርሩት አልሄድ ካለ ሕመምተኛው አይድንም ይላሉ። እማማ ጣራ ላይ ጉጉት ሲጮህ "በስመ አብ!" ብለው ፍም ላይ ጨው ሲበትኑ ትዝ ይልሻል? ሙዚቃው ውስጥ መጀመሪያ ክንፉ ይርገበገባል፣ ከዚያ ጩኸቱ ይመጣል። ቀጥሎ እንደ መዝሙር ያለ የተረጋጋ ዜማ ይነሣል። አሁንስ ሄደ ስትዪ፣ መልሶ ይጮኻል።

እኔን ያስደነገጠኝ ግን ሌላ ነው። የጉጉቷ ሙዚቃ በ1901 ከታተሙት አንዷ ናት። ኦልጋን ገና ታይፎይድ ሳይዛት! ዜማው እዚያው ቁጭ ብሎ ስሙን ሲጠብቅ ነበር ማለት ነው። የመጀመሪያዋም እንደዚያው ናት፤ ስሟ "ምሽቶቻችን" ነው። እኔና አንቺስ እናንተ በረንዳ ላይ ስናመሽ ያ ምሽት ስም ነበረው? መብራት ይጠፋል፣ ሻማ ፍለጋ ትነሻለሽ፣ እማማ ሦስተኛውን ቡና "ሳትጠጡ አትነሡ" ይሉናል። አለቀ። "ምሽቶቻችን" የሚለው ለእኔ የመጣልኝ እሳቸው ካረፉ በኋላ ነው።

ባለፈው ወር በባቡር ብርኖ ሄድኩ። አንድ ሰዓት ተኩል ቢሆን ነው። ራሱ ያቋቋመው የኦርጋን ትምህርት ቤት ግቢ ውስጥ ያለችው ትንሽ ቤቱ አሁን ሙዚየም ናት። ፒያኖው እዚያው አለ። ከ1910 ጀምሮ በ1928 እስኪሞት ድረስ ቤቱ እሷ ነበረች። ስለ ጉብኝቱ ብዙ የምነግርሽ የለም፣ እግሬን ብርድ ይዞኝ ነበር።

አንድ ልማዱን ግን ልንገርሽ። ሰው ሲናገር የድምፁን መውጣትና መውረድ በኖታ ይጽፍ ነበር። ገበያ ላይ፣ መንገድ ላይ፣ የትም። ኦልጋ በመጨረሻ ያሰማችውን ድምፅ ሳይቀር ጽፎታል። ይህን መጀመሪያ ሳነብ ምን ዓይነት አባት ነው አልኩ። አሁን እንደዚያ አልልም። ምክንያቱም ባለፈው እሑድ እኔም ሞከርኩት። እማማ ጎረቤት ሲጠሩ "ኑ፣ ቡና ጠጡ!" የሚሉትን። "ኑ" ላይ ከፍ አድርገው ይስቡታል፣ "ጠጡ" ላይ ቁርጥ። "ቡና ጠጡ"ን ቶሎ አገኘሁት። "ኑ" ግን እምቢ አለኝ። ነጩን ስነካ ትወርዳለች፣ ጥቁሩን ስነካ ታልፋለች። በሁለቱ መሀል ናት። እስከ ማታ ስነካካ ከርሜ ጎረቤት ግድግዳ ደበደበ።

ስድስተኛዋን ሆን ብዬ ነው ያቆየኋት። የቼክኛ ስሟን መምህሬ ስትተረጉምልኝ "ተናግሮ መጨረስ አይቻልም" አለችኝ። ዜማው ይጀምራል፣ ይሰናከላል፣ እንደገና ይጀምራል። ይኸው ያ ቀን ነው፤ ስልኩን ይዤ "እግዜር ያጥናሽ" ብዬ፣ ከዚያስ ያልኩበት። ሰውየው ግን ስላልጨረሰው አልተወውም፤ ያለቀበትን ያህል ጻፈው። እኔ ተውኩት። ይቅርታ አድርጊልኝ። ላጽናናሽ የሚገባኝ ጊዜ እኔው ፈርቼ ተደብቄያለሁ።

የፊታችን ቅዳሜ ማታ፣ በእናንተ ሁለት ሰዓት ላይ እደውላለሁ። ካላነሳሽ አልቀየምም፤ እሑድ እደግመዋለሁ። ካነሳሽ ደግሞ "ደህና እደሩ"ን በስልክ አጫውትሻለሁ። ሁለት ቦታ ላይ እሳሳታለሁ፣ ከአሁኑ እወቂው።

እስከዚያ አንድ ነገር ንገሪኝ። አፏ የተሸረፈችው የእማማ ጀበና አሁን ማን ጋ ናት?

የአንቺው