ጉዳዩ፦ ተቃውሟችን ሳይታይ ስለታደሰው የጋራዥ የንግድ ፈቃድ

ለወረዳው ንግድ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ

የጋራዡን ጉዳይ ከመጀመሪያው አልተርክም፤ ፋይሉ በእጃችሁ ይገኛል። ይህን ደብዳቤ ያስጻፈኝ ባለፈው ሰኞ በእድሳት ክፍል የተሰጠኝ መልስ ነው።

ፈቃዱ መታደሱን ሰምቼ፣ በጋራዡ የቀለም ርጭትና የሌሊት ሥራ ላይ ባቀረብነው ተቃውሞ ምን እንደተወሰነ ጠየቅሁ። ባለሙያው ፋይሉን ገልጠው «በዚህ ድርጅት ላይ የቀረበ ተቃውሞ የለም» አሉኝ። የጽሕፈት ቤታችሁ ማህተም ያረፈበትን፣ የገቢ ቁጥርና ቀን የተጻፈበትን ቀሪ አውጥቼ ፊታቸው አስቀመጥኩ። አገላብጠው ካዩት በኋላ «ማህተሙ የእኛ ነው፤ ደብዳቤው ግን ፋይሉ ውስጥ የለም። ፋይሉ ውስጥ ከሌለ አልቀረበም ማለት ነው» አሉ። መዝገብ ቤት ይጠየቅልኝ ብል «እሱ የእኔ ሥራ አይደለም» ተባልኩ። አብረውኝ የመጡት አዛውንት ጎረቤታችን አስም አለባቸው። ቀለም ሲረጭ መተንፈስ እንደሚያቅታቸው ማስረዳት ሲጀምሩ፣ ባለሙያው ቀና ብለው እንኳ ሳያዩዋቸው «እናቴ፣ የሕክምና ማስረጃ ይዘው ይምጡ» ብለው መስኮቱን ዘጉ። ሴትዮዋ ንግግራቸውን አልጨረሱም ነበር።

የተከበሩ ኃላፊ፣ በነዋሪዎች ስብሰባ ላይ ቆመው «የእናንተ ተቃውሞ ሳይታይ በዚህ ፈቃድ ላይ ፊርማዬ አያርፍም» ያሉት እርስዎ ነዎት። ቃልዎ በቃለ ጉባዔው ሰፍሯል። የታደሰው ፈቃድ ጋራዡ ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፤ የተፈረመበትም በእርስዎ ነው። የእድሳት ጊዜው ያለ ቅጣት እስከ ታኅሣሥ 30 ድረስ እያለ በሐምሌ ለመጨረስ ምን አስቸኮለ?

ስለ ቁጥጥሩም ዝም ብዬ አላልፍም። ቡድኑ የመጣው ለባለቤቱ አስቀድሞ ተነግሮት ነው። በዚያ ቀን ኮምፕረሰሩ አልተነሳም፣ ግቢው ታጥቦ ነበር፤ ሪፖርቱም «የታየ ጉድለት የለም» አለ። ርጭቱ የሚካሄደው ግን አመሻሽ ላይ፣ በላስቲክ በተጋረደ ክፍት ቦታ ነው። ማጣሪያና አየር ማውጫ ያለው የተዘጋ ክፍል የላቸውም። የቲነር ትነት ሕፃናት በተኙበት ቤት ይገባል፤ በማጠንከሪያ የሚቀላቀለው የመኪና ቀለም ደግሞ አይሶሳያኔት የሚባል፣ አስም በማስከተል የሚታወቅ ኬሚካል አለው። የተቃጠለው ዘይት ወደ ጎርፍ መውረጃው ይደፋል። ለመኖሪያ አካባቢ የተቀመጠው የድምፅ ወሰን ቀን 55፣ ሌሊት 45 ዴሲቤል ሆኖ ሳለ ላሜራ የሚቀጠቀጠው በእኩለ ሌሊት ነው። ይህንን ለእናንተ ስንናገር «ብክለት የአካባቢ ጥበቃ ሥራ ነው» ትላላችሁ፤ እዚያ ስንሄድ «ፈቃድ ሰጪው ንግድ ነው» ይሉናል። ስልክ ስንደውል ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው፤ በአካል ስንመጣ ሲስተም የለም።

መጀመሪያ የጠየቅነው ርጭቱ በተዘጋ ክፍል እንዲሆንና ሌሊት እንዳይሠራ ብቻ ነበር። ያ ጥያቄ በጊዜው ቢመለስ ኖሮ እዚህ ባልደረስን። አሁን ግን ደብዳቤያችን የት እንደገባ በጽሑፍ እንዲገለጽልን፣ ሳይነገር በምሽት በሚደረግ ቁጥጥር እስኪጣራ ድረስ ፈቃዱ እንዲታገድ፣ ከቁጥጥሩ ቡድን ጋር የነዋሪ ተወካይ እንዲገኝ እንጠይቃለን። አዛውንቷን ያመናጨቁት ባለሙያም ይቅርታ እንዲጠይቋቸው እንፈልጋለን፤ ይህንን እንደ ትንሽ ነገር እንዳያልፉት አደራ እላለሁ።

ንጹሕና ጤናማ በሆነ አካባቢ የመኖር መብት በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 44 የተረጋገጠልን ነው። በአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 አንቀጽ 11 መሠረት ለአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤቱም ዛሬ አቤቱታ አስገብተናል። በ30 ቀናት ውስጥ ውሳኔ ካልተሰጠን፣ አዋጁ በፈቀደልን 60 ቀናት ውስጥ ክስ እንመሠርታለን፤ ቃለ ጉባዔውና ማህተማችሁ ያረፈበት ቀሪ ከክሱ ጋር ይያያዛሉ።

ከአክብሮት ጋር
የአካባቢው ነዋሪዎች ተወካይ

ግልባጭ፦
ለሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም
ለወረዳው ዋና አስተዳዳሪ