የሥነ ሕይወት ክበብ፦ በአንድ ጥያቄ የከረምንበት ዓመት

በክበባችን የዓመት ዕቅድ ላይ ዓይን፣ ኩላሊት፣ ደምና ዕፅዋት ሰፍረው ነበር። አንዳቸውንም አልነካናቸውም። ዓመቱን ሙሉ የያዘን አሲታይልኮሊን የተባለ አንድ ኬሚካል ነው፤ እሱም ቢሆን ገና አላለቀልንም። ዕቅዱ ለምን እንደተለወጠ ወላጆችም ባልደረቦቼም ስለጠየቁኝ መልሱን እዚህ ላስፍር።

በሦስተኛው ስብሰባችን ክንድ እንዴት እንደሚታጠፍ እያስረዳሁ ነበር። ነርቭ ጡንቻውን በቀጥታ አይነካውም፤ ምልክቱ ጫፉ ላይ ሲደርስ አሲታይልኮሊን ይለቃል፣ ጡንቻውም ይኮማተራል። አያይዤም ቬገስ የሚባለው ነርቭ ይህንኑ ኬሚካል ልብ ላይ ለቆ ምቱን እንደሚያዘገይ ተናገርኩ። ወደ ሌላ ነገር ልሻገር ስል አንዲት የ11ኛ ክፍል ተማሪ እጇን አወጣች። «ቲቸር፣ ልብም እኮ ጡንቻ ነው። ክንድን የሚያኮማትር ነገር ልብን እንዴት ያዘገያል?»

ይህን ትምህርት ለዓመታት አስተምሬዋለሁ። ሁለቱን ነገሮች ጎን ለጎን አስቀምጦ የጠየቀኝ ግን አልነበረም። በአምስት ደቂቃ መልሶ ማለፍ ይቻል ነበር፤ እኔ ግን መልሱን ራሳቸው እንዲደርሱበት ፈለግሁ። ዕቅዳችን የተቀየረው ያን ዕለት ነው።

ከክፍተቱ ጀመርን። በነርቩ ጫፍና በጡንቻው መካከል ያለው ርቀት 50 ናኖሜትር ገደማ ነው፤ አንድ ሚሊሜትር ለ20,000 ቢከፈል የሚደርሰው ድርሻ ማለት ነው። ኮሪደሩ ላይ በጠመኔ ሁለት መስመር አሰመርን። በአንዱ በኩል የተጠቀለለ ወረቀት የታቀፉ ልጆች ቆሙ፤ እነሱ አሲታይልኮሊን ያጨቁ ከረጢቶች ናቸው። «ካልሲየም» የተባለው ልጅ በሩን አልፎ ሳይገባ አንድም ወረቀት እንዳይወረወር ተስማማን፤ በእውነተኛው ነርቭም የኤሌክትሪኩ ምልክት የካልሲየምን በር ካልከፈተ ከረጢቶቹ የያዙትን አይለቁም። ማዶ የቆሙት «ተቀባዮች»፣ ማለትም ኬሚካሉን የሚይዙትን የጡንቻ ፕሮቲኖች የወከሉት ልጆች፣ ደግሞ ሁለቱም እጆቻቸው ወረቀት ካልያዙ «ሶዲየም» ለሆኑት ልጆች መንገድ አይሰጡም። የጡንቻው ተቀባይም እንዲሁ ነው፤ ሁለት ሞለኪውል ይፈልጋል።

የመጀመሪያው ዙር ጥሩ ሄደና ቆመ። ልጆቹ ወረቀታቸውን እንደያዙ ቀሩ። ሁለተኛ ምልክት ላክን፤ የሚቀበል ባዶ እጅ ጠፋ። ለካስ ኢንዛይሙን ረስተነዋል! አሲታይልኮሊንኤስተሬዝ ክፍተቱ ውስጥ ተቀምጦ እያንዳንዱን ሞለኪውል ለሁለት የሚሰብር ነው፤ አንዱ ብቻ በአንድ ሰከንድ ውስጥ በሺዎች የሚቆጠሩትን ይሰብራል። ከስብርባሪው ኮሊን የሚባለውን ነርቩ መልሶ ይወስድና አዲስ አሲታይልኮሊን ይሠራበታል። በሁለተኛው ዙር ኢንዛይም የሆነው የ9ኛ ክፍል ልጅ ወረቀት እየነጠቀ ለሁለት ሲቀድ ላብ አጠመቀው። ጡንቻ እንደገና መታዘዝ የሚችለው የቀደመው ትእዛዝ ሲጠረግ መሆኑን ያን ቀን ማስረዳት አላስፈለገኝም።

ወደ ልብ የተሻገርነው በተመራማሪው በኦቶ ሎዊ ታሪክ ነው። ይህን ክፍል ከልቤ እወደዋለሁ። በዚያ ዘመን ነርቮች መልእክታቸውን የሚያደርሱት በኤሌክትሪክ ነው ወይስ በኬሚካል የሚለው ክርክር አልተቋጨም ነበር። ሎዊ ራሳቸው እንደተረኩት አንድ ሌሊት ከእንቅልፋቸው ነቅተው በሕልማቸው የመጣላቸውን ሙከራ ወረቀት ላይ ጫሩት፤ ሲነጋ ጽሑፉን ማንበብ አቃታቸው። በማግስቱ ሌሊት ሐሳቡ ሲመለስ ግን እስኪነጋ አልጠበቁም፤ ቀጥታ ቤተ ሙከራቸው ገቡ። የሁለት እንቁራሪቶችን ልብ አወጡ፤ አንዱ ከነቬገስ ነርቩ፣ ሌላው ያለ ነርቭ። የመጀመሪያውን ነርቭ በኤሌክትሪክ ሲነኩት ልቡ ዘገየ። ያ ልብ የነበረበትን ፈሳሽ ወስደው ሁለተኛው ላይ ሲያደርጉት፣ ምንም ነርቭ ያልነካው ልብ እሱም ዘገየ። ውጤቱን እ.ኤ.አ. በ1921 አሳተሙ። ፈሳሹ ውስጥ የነበረው አሲታይልኮሊን መሆኑ ቆይቶ ተረጋገጠ፤ በ1936 ከእንግሊዛዊው ተመራማሪ ከሄንሪ ዴል ጋር የኖቤል ሽልማት ተጋሩ።

እኛ እንቁራሪት አልቀደድንም፤ የገዛ የእጅ አንጓችን በቂ ነበር። ጥንድ ጥንድ ሆነን ተቀመጥን። አንዱ በዝግታ አየር ያስገባል፣ በዝግታ ያስወጣል፤ ሌላው የደም ሥሩን ምት በጣቱ ይከታተላል። ለጥቂት ደቂቃዎች ዝም አልን። ከዚያ ከኋላ ወንበር አንድ ልጅ «አየር ሳስገባ ይፈጥናል!» ብሎ ጮኸ፤ ሌሎቹም ተቀበሉት። አየር ስናስገባ የቬገስ ነርቭ ጫናውን ያላላል፣ ስናስወጣ ይመልሰዋል። ከአሲታይልኮሊን ሥራ ያለ ምንም መሣሪያ ልንዳስሰው የምንችለው ይህንን ይመስለኛል። ነርቮቹ የተቆረጡ የተተከለ ልብ በዕረፍት ጊዜ በደቂቃ ከ90 እስከ 110 ይመታል ስላቸው፣ የራሳቸውን 70 እና 75 አይተው ልዩነቱ ከየት እንደመጣ ወዲያው ገባቸው።

ጥያቄው ግን እንደቆመ ነው። ሄንሪ ዴል በ1914 አሲታይልኮሊን በአንድ በኩል እንደ ኒኮቲን፣ በሌላ በኩል ከእንጉዳይ እንደሚገኘው ሙስካሪን እንደሚሠራ ማሳየታቸውን ነገርኳቸውና ሁለት ሳምንት ሰጠኋቸው። መልሱ የመጣው ካልጠበቅሁት ቦታ ነው። አንድ ተማሪ ሰሌዳው ላይ «አለ» ብሎ ጻፈና ጓደኞቹን አንብቡ አላቸው። ገሚሱ አጥብቀው አነበቡት፣ ገሚሱ አላልተው። ለአንዱ «ይገኛል» ነው፣ ለሌላው «ተናገረ»። «ፊደሉ አልተለወጠም፤ አንባቢው ነው የተለየው» አለ። ምሳሌው እስከ መጨረሻው አይዘልቅም፤ አንባቢ ሐሳቡን ይቀይራል፣ ተቀባይ አይቀይርም። ቢሆንም ከእኔ ማብራሪያ ሁሉ የተሻለው እሱ ነበር።

የክንድ ጡንቻ ተቀባይ ራሱ በር ነው። አምስት የፕሮቲን ክፍሎች አንድ ቀዳዳ ከበው ይቆማሉ፤ አሲታይልኮሊን ሲይዛቸው ቀዳዳው ይከፈታል፣ ሶዲየም ይገባል፣ ጡንቻው ይነሳሳል። የልቡ ተቀባይ ቀዳዳ የለውም። ከውስጥ ጂ ፕሮቲን የሚባለውን ይቀሰቅሳል፤ እሱ ደግሞ የፖታሲየምን በር ያስከፍታል። ፖታሲየም ፖዘቲቭ ቻርጁን ይዞ ሲወጣ ሕዋሱ ይበልጥ ኔጌቲቭ ይሆናል፤ ቀጣዩን ምት ለማስነሳትም ጊዜ ይወስድበታል። የመጀመሪያው ኒኮቲናዊ፣ ሁለተኛው ሙስካሪናዊ ይባላል።

ሁለተኛውን ወሰነ ትምህርት ይህ ሥርዓት የሚበላሽባቸውን መንገዶች ስናይ አሳለፍነው። ኩራሬ የሚባለው የቀስት መርዝ የጡንቻውን ተቀባይ ይዘጋል፤ የቦቱሊነም መርዝ ከረጢቶቹ እንዳይለቁ ያደርጋል። ማያስቴኒያ ግራቪስ በሚባለው ሕመም ሰውነት የገዛ ተቀባዮቹን ያጠቃል፤ ሕመምተኛው የዓይኑ ቆብ ይከብደዋል፣ ሲውል ደግሞ ይብስበታል። ሜሪ ዎከር የተባሉ ሐኪም ሕመሙ ከኩራሬ መመረዝ ጋር መመሳሰሉን አስተውለው፣ በ1934 ኢንዛይሙን የሚያዘገይ መድኃኒት ሰጥተው ድካሙን ለጊዜው አቀለሉት። ተቀባይ ሲያንስ መልእክተኛውን ማቆየት ማለት ነው።

በመጨረሻው ስብሰባ የኦርጋኖፎስፌት ፀረ ተባይ መመረዝ ላይ ደረስን። መርዙ ኢንዛይሙን ይዘጋል፤ አሲታይልኮሊን በየቦታው ይከማቻል። ምራቅና እንባ ይፈስሳል፣ ሳንባ በፈሳሽ ይታፈናል፣ ልብ ይዘገያል፣ ጡንቻዎች ይርገበገቡና ይዝላሉ። ሐኪሞች አትሮፒን እንደሚሰጡና አትሮፒን ሙስካሪናዊውን ተቀባይ እንደሚዘጋ ተናግሬ ሳልጨርስ ያችው ተማሪ እጇን አወጣች። «እንግዲያው ልቡንና ሳንባውን ያድነዋል እንጂ ለጡንቻው አይደርስለትም።» ትክክል ነው። ለጡንቻው ኢንዛይሙን ከመርዙ የሚያላቅቅ ሌላ መድኃኒት፣ ፕራሊዶክሲም፣ ይጨመራል። የመተንፈሻ ጡንቻዎቹ ከዛሉ ደግሞ ታካሚው በማሽን እንዲተነፍስ ይደረጋል።