ደብዳቤ ለልጄ፦ ሂሳቡ ሲታገድ

ለምወድሽ ልጄ፣

እንደምን ሰነበትሽ? ባንኩ የድርጅታችሁን ሂሳብ ማገዱን፣ ሸሪክሽም ስልክሽን አላነሳ ማለቱን ሳነብ አዘንኩ። ማዘኔ ግን ለአንቺ አይረባሽም፤ ስለዚህ የሚረባሽን ልጻፍልሽ። የታገደው ሂሳብ አንድ ጉዳይ ነው፣ ከሸሪክሽ ጋር ያላችሁ ክርክር ሌላ ጉዳይ ነው፤ መፍቻቸውም ለየቅል ነው። ብዙ ሰው አንዱ ሲያልቅ ሌላው አብሮ የሚያልቅ ይመስለውና ከፈረደለት በኋላ እንኳ ገንዘቡን ማውጣት አቅቶት ይቀመጣል።

መጀመሪያ እግዱ ከማን እንደመጣ ለባንኩ በጽሑፍ ጠይቂ። የቅርንጫፉ ሠራተኛ በቃል የሚነግርሽ ለማስረጃ አይሆንም። ማን አገደ? ትእዛዙ የተጻፈበት ቀንና ቁጥር ስንት ነው? የታገደው ሂሳቡ በሙሉ ነው ወይስ የተወሰነ ገንዘብ? ገቢስ ይቀበላል ወይ? ደብዳቤሽን በሁለት ቅጂ ይዘሽ ሂጂ፤ አንዱ ላይ ማኅተምና ቀን አስደርገሽ ተመለሺ።

ያገደው ባንኩ ራሱ ከሆነ፣ ምናልባት ሸሪክሽ «ተጣልተናል፣ በእሷ ፊርማ ብቻ ገንዘብ እንዳይወጣ» ብሎ ጽፎ ይሆናል። ባንክ በሸሪኮች መካከል ዳኛ መሆን አይፈልግም። የሁለታችሁ ፊርማ ያለበት ደብዳቤ ወይም የፍርድ ቤት ትእዛዝ እስኪደርሰው ይይዛል፤ ሥራ አስኪያጁን በመለማመጥ የሚገኝ ነገር የለም። ከግብር ሰብሳቢ መሥሪያ ቤት ከሆነ ጉዳዩ የሸሪክነት ሳይሆን የዕዳ ነው፤ እዚያው ይፈታል። ስለ ገንዘቡ ምንጭ ምርመራ ተከፍቶ ከሆነ ደግሞ ባንኩ ምክንያቱን እንዳይነግርሽ ሕግ ሊከለክለው ስለሚችል ቶሎ ጠበቃ ያዢ።

የፍርድ ቤት እግድ ከሆነ ብዙ ጊዜ የሚሰጠው ሌላው ወገን ሳይሰማ ነው። ስለዚህ ማመልከቻውንና የተያያዘውን ቃለ መሐላ ግልባጭ አውጪና ሸሪክሽ ያልተናገረውን ፈልጊ። ዳኛው ማወቅ የነበረበትን ነገር ደብቆ ከሆነ፣ በብዙ አገር ይህ ብቻውን እግዱን ሊያስነሳ ይችላል። እግዱ ይነሳ ከማለት ጋር በአማራጭ ይጥበብልኝ በዪ። የጠየቀው ገንዘብ በሂሳቡ ካለው ሲሶው ከሆነ እግዱ በዚያው ልክ ይወሰን። ደመወዝ፣ ግብርና ኪራይ ከእግዱ ውጭ ይሁኑ፤ ለዚህም የደመወዝ መክፈያ ዝርዝሩን፣ የኪራይ ውሉን ገጽና መክፈያ ቀን ያለፈባቸውን የክፍያ መጠየቂያዎች አያይዢ። «ሥራ ቆመ» የሚል ባዶ ቃል ዳኛን አያሳምንም፤ ቀንና መጠን ያለው ሰንጠረዥ ያሳምናል። በሂሳቡ ፈንታ የባንክ ዋስትና ማቅረብም ይቻላል፤ እግዱ ያለአግባብ ሆኖ ቢገኝ ለሚደርስብሽ ጉዳት እሱም ዋስትና እንዲያስይዝ ጠይቂ።

አደራሽን፣ በዚህ መካከል አዲስ ሂሳብ ከፍተሽ የደንበኞችን ክፍያ ወደዚያ አታዙሪ። የደመወዝ ቀን ሲቃረብ ይህ ሐሳብ መምጣቱ አይቀርም። ግን «ገንዘብ እያሸሸች ነው» ለሚለው ክስ ማስረጃውን በገዛ እጅሽ ሰጠሽው ማለት ነው፤ ትእዛዝ በመጣስም ያስጠይቅሻል። ከእግዱ በፊት የፈረምሻቸው ቼኮች ካሉ ለያዦቹ ዛሬውኑ አሳውቂ፤ ደረቅ ቼክ በአንዳንድ አገር በወንጀል ያስቀጣል።

ኢንተርኔት ባንኪንጉ ሳይዘጋብሽ ድርጅቱ ከተመሠረተ ጀምሮ ያለውን የሂሳብ መግለጫ አውርጂ። ከዚያ እያንዳንዱን ወጪ በሦስት ቀለም ለዪ፦ ደረሰኝ ያለው የድርጅት ወጪ፣ ለሸሪኮች የግል ጉዳይ የወጣ፣ ያልታወቀ። የራስሽንም የግል ወጪ አትዝለዪ። እሱ ቀድሞ ካወጣው የቀረውን ሥራሽን ሁሉ የሚያምንሽ አይኖርም።

ወደ ክርክሩ ስንመጣ፣ ውላችሁ ውስጥ የግልግል ዳኝነት አንቀጽ፣ ማለትም ክርክራችሁ በፍርድ ቤት ሳይሆን ራሳችሁ በምትመርጧቸው ዳኞች እንዲታይ የሚል አንቀጽ፣ እንዳለ ነግረሽኛል። ብዙ ሰው መብቱን የሚያጣው እዚህ ላይ ነው፦ ሸሪኩ ፍርድ ቤት ይከሰዋል፣ እሱ ተናዶ ለክሱ ዝርዝር መልስ ይሰጣል፣ በሁለተኛው ቀጠሮ «ጉዳዩ በግልግል ይታይ» ይላል። ያኔ ጊዜው አልፏል። የተባበሩት መንግሥታት የንግድ ሕግ ኮሚሽን በ1985 እ.ኤ.አ. ያወጣውና ብዙ አገሮች ሕጋቸውን የቀዱበት የሞዴል ሕግ በአንቀጽ 8 ይህ ጥያቄ መቅረብ ያለበት በፍሬ ነገሩ ላይ ከሚሰጠው የመጀመሪያ መልስ ሳይዘገይ ነው ይላል። ጊዜያዊ እግድ ከፍርድ ቤት መጠየቅ ግን በአንቀጽ 9 መሠረት የግልግል ስምምነቱን አያፈርስም።

የውላችሁ የግልግል አንቀጽ የዳኞቹን ቁጥር ካልወሰነ በሞዴል ሕጉ ሦስት ይሆናሉ፤ አንድ አንድ ትመርጣላችሁ፣ የተመረጡት ሦስተኛውን ይመርጣሉ። እሱ ጥያቄሽ በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ካልመረጠ ፍርድ ቤት ይሾምለታል። የዳኞቹን አበል ተከራካሪዎቹ ናቸው የሚከፍሉት፤ እሱ ድርሻውን እምቢ ካለ ጉዳዩ እንዳይቋረጥ አንቺ መሸፈን ሊኖርብሽ ስለሚችል በአንድ ዳኛ ለመስማማት ሞክሪ። ለድርሻሽ ግምት ስትጠይቂ የሚገመትበትን ቀን ለይተሽ ጻፊ። ከእግዱ በፊት የነበረው ዋጋና ሥራው ከደከመ በኋላ ያለው ዋጋ የሚራራቁ ናቸው፤ እሱ ሁለተኛውን እንደሚፈልግ አትጠራጠሪ።

የግልግል ጉባኤው ሸሪክሽን ማዘዝ ይችላል፤ ባንኩን ግን አይችልም፣ ባንኩ በውላችሁ ላይ አልፈረመምና። ስለዚህ ውሳኔው «ሸሪኩ የእግድ ማንሻውን ደብዳቤ በዚህ ቀን ውስጥ ይፈርም» የሚል ትእዛዝ እንዲኖረው በክስሽ ላይ ጠይቂ። እምቢ ካለ ውሳኔውን በፍርድ ቤት ታስፈጽሚያለሽ። ንብረቱ ሌላ አገር ከሆነም በ1958 እ.ኤ.አ. የተፈረመውና በአንድ አገር የተሰጠ የግልግል ውሳኔ በሌላ አገር እንዲፈጸም የሚያስችለው የኒውዮርክ ኮንቬንሽን አለ፤ የውሳኔውንና የስምምነቱን ዋና ወይም የተረጋገጠ ቅጂ ስለሚጠይቅ ከአሁኑ በእጅሽ ይሁኑ።

በመሀል ብትታረቁም ደስ ይለኛል። ብቻ ስምምነቱን ስትፈርሙ ለባንኩ የሚሄደው ደብዳቤ በሁለታችሁ ተፈርሞ አብሮ ይያያዝ፤ እግዱ የፍርድ ቤት ከሆነም የጋራ ማመልከቻው በዚያው ቀን ይፈረም። ረቂቁን ከመፈረምሽ በፊት ላኪልኝና ልየው።

እናትሽ