መጀመሪያ ለእነሱ አሳዪያቸው

ይድረስ ለልጄ፣

ለጤናሽ እንደምን ሰንብተሻል? እኛ ደህና ነን። የላክሽልኝን ረቂቅ ፊልም ደጋግሜ አየሁት። ዕድሜዬን ኤዲቲንግ ላይ የጨረስኩ ሰው ነኝና አስተያየት መዋጥ አልችልበትም፤ ቻይው።

ቆሻሻ መጣያው ላይ ፕላስቲክ የምትለየዋ ሴትዮ ልቤን ወስዳዋለች። ጠርሙሱን ጨመቅ ታደርገዋለች፣ ድምፁን ትሰማለች፣ ዞር ብላ ሳታይ ወደ ክምሩ ትወረውረዋለች። የፕላስቲኩን ዓይነት በጆሮዋ ነው የምትለየው! ሙያ ማለት ይሄ ነው። አንቺ ግን እዚያው ላይ የሚያላቅስ ሙዚቃ ጫንሽበት። የጠርሙሱ ድምፅ ጠፋ። ሴትዮዋም ባለሙያ መሆኗ ቀረና ሚስኪን ሆና አረፈችው።

ፈረንሳዊው ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ዣን ሩሽም እንዳንቺው አድርጎ ነበር። ኒጀር ወንዝ ላይ ጉማሬ የሚያድኑ ሰዎችን ቀረጸና አደኑ እንዲሞቅለት ሙዚቃ ጨመረበት። በኋላ ፊልሙን ይዞ ተመልሶ ለአዳኞቹ አሳያቸው። ሙዚቃው አልጣማቸውም። አደን ጸጥታ ይፈልጋላ! ጉማሬው ሰምቶ ይሸሻል።

ከሱ ይልቅ የምወደው ግን የፎጎ ደሴትን ታሪክ ነው። ካናዳ ውስጥ፣ ኒውፋውንድላንድ አጠገብ፣ እ.ኤ.አ. በ1967። ዓሣ ማስገሩ ተዳክሞ ነዋሪው ደሴቱን ለቆ እንዲሄድ ይገፋፋ ነበር። በካናዳ ብሔራዊ ፊልም ቦርድ ይሠራ የነበረው ፊልም ሠሪ ኮሊን ሎው አንድ ትልቅ ፊልም መሥራት ሲችል ከ20 በላይ አጫጭር ፊልሞች ሠራ። የተቀረጸው ሰው ቀድሞ ራሱን ያያል፤ ያልወደደውን ያስወጣል። ከዚያ ፊልሞቹ ከመንደር መንደር ዞሩ። እርስ በርስ እምብዛም የማይነጋገሩ መንደሮች አንዱ የሌላውን ብሶት በስክሪን ሰማ። ባለሥልጣናትም አዩት። ሰዎቹ የዓሣ አስጋሪዎች ኅብረት ሥራ ማኅበር አቋቁመው እዚያው ቀሩ። ፊልሙ አዳናቸው አልልሽም፤ ማኅበሩን ያቋቋሙት እነሱ ናቸው።

ስለዚህ ፊልሙን ለፌስቲቫሉ መላኩ ይቆይ። «እንድቀርጻቸው ፈርመውልኛል እኮ» እንደምትዪኝ አውቃለሁ። ካሜራ ተደቅኖበት የፈረመ ሰው ምን ላይ እንደፈረመ የሚገባው ራሱን ሲያይ ነው። ላፕቶፕሽን ይዘሽ ሂጂ። ሴትዮዋን አጠገብሽ አስቀምጪና ፊልሙን ሳይሆን ፊቷን እዪ። የት ላይ ትስቃለች? የት ላይ ፊቷን ታዞራለች? ልጇ የታየበት ይውጣ ካለችሽ ይወጣል። ምርጥ ሾት እንደሆነ አይቻለሁ፤ እኔንም ያንገበግበኛል። ቢሆንም ይወጣል።

ሌላው፣ የምትቀርጪው ቆመሽ ነው መሰለኝ። ተቀምጣ የምትሠራን ሰው ቁልቁል እያየናት ነው። ካሜራውን ዝቅ አድርጊው። ደግሞ ስትሄጂ ማንም ሳይናገር የቦታውን ድምፅ ለብቻው ቅጂልኝ። ሙዚቃው ሲወጣ ያስፈልገናል።

አባትሽ