እናቶቻችንን ወደ ብራድዌል እንውሰድ

ሰላም የለንደን ወገኖች። የጽዋ ማኅበራችን ፍልሰታ በተፈታ በመጀመሪያው ቅዳሜ አረጋውያን እናቶቻችንንና አባቶቻችንን ኤሴክስ ውስጥ ወደምትገኘው ብራድዌል ሊወስዳቸው አስቧል። የእናንተ እጅ ካልታከለበት ግን አይሆንም።

ብራድዌል የብላክዋተር ወንዝ ሰፍቶ ከባሕር በሚገናኝበት አካባቢ ያለች ትንሽ የገጠር መንደር ናት። ከመንደሯ ወጣ ብሎ፣ የእርሻው መሬት የሚያልቅበት ላይ፣ አንዲት የድንጋይ ጸሎት ቤት ብቻዋን ቆማለች። ቼድ የተባለ መነኩሴ ከሰሜን፣ ከሊንዲስፋርን ገዳም መጥቶ እ.ኤ.አ. በ654 አካባቢ የሠራት ናት። የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት ከመፈልፈላቸው ከ500 ዓመት በፊት መሆኑ ነው።

ግድግዳዋን ቀረብ ብላችሁ እዩት። ድንጋዩና ቀዩ ሸክላ ከፈረሰ የሮማውያን ምሽግ የተለቀመ ነው። ጎኗ ላይ ትልቅ በር ተከፍቶ እንደገና የተደፈነበት ይታያል። ለረጅም ዘመን የእህል ጎተራ ሆና ስለነበር ጋሪው የሚገባው በዚያ ነበር። ጸሎት ወደ ቤቷ የተመለሰው በ1920 ነው።

ቼድ በ664 ዮርክሻየር ውስጥ በወረርሽኝ አረፈ። ሠላሳ ያህል መነኮሳት ከኤሴክስ ተነሥተው አስከሬኑ አጠገብ ሊኖሩ ሄዱ። ከአንድ ልጅ በቀር ሁሉም በዚያው በሽታ አለቁ። ይህን ለአንዲት እናታችን ብነግራቸው እንባቸው መጣ። «እዚህም እንዲህ ያሉ አባቶች ነበሩ?» አሉኝ። ስንት ዓመት ኖረውበት ይህን አገር ከፎቅ መስኮት በቀር አላዩትም። ልጅ ሥራ ይውላል፣ የልጅ ልጅ ስልኩ ላይ ነው። ለእነሱ ሳምንቱ ጂፒ (የሰፈር ሐኪም) እና ቤተ ክርስቲያን ብቻ ሆኗል። የታጨደ ማሳ ቢያዩ፣ የአፈር ሽታ ቢሸታቸው፣ ምን ያህል ደስ እንደሚላቸው እናንተም ታውቁታላችሁ።

መንገዱ ግን ለሽማግሌ አይመችም። ባቡሩ ሳውዝሚንስተር ላይ ያበቃል። መኪናም ቢሆን እስከ ደጃፏ አይደርስም፤ የመጨረሻው 800 ሜትር ያህል በእርሻ መሃል በእግር ነው። ስለዚህ ዊልቸር የሚጭን አውቶቡስ መከራየት አለብን። ለጠጠሩ መንገድ የሚሆኑ ጎማቸው ሰፊ ዊልቸሮች፣ ታጣፊ ወንበሮችና ብርድ ልብስም ያስፈልጋሉ። ነሐሴም ቢሆን የባሕሩ ነፋስ ቀላል አይደለም።

25 ፓውንድ የአንድ እናት ወንበርና ምሳ ይሸፍናል። ያላችሁን፣ 5 ፓውንድም ቢሆን፣ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ለማኅበሩ ገንዘብ ያዥ ስጡ፤ ደረሰኝ ይቆረጥላችኋል። ገንዘብ የሌለው ጉልበቱን ይስጠን፤ ዊልቸር የሚገፉ ወጣቶች በጣም እንፈልጋለን። እንጀራና ወጥ ሠርታችሁ የምታመጡ ደግሞ ቀድማችሁ ንገሩን። የተረፈ ብር ካለ ለጸሎት ቤቷ ጥገና መባ አድርገን እንሰጣለን። አውቶቡሱን የምንይዘው ፍልሰታ ከመግባቱ በፊት ስለሆነ እባካችሁ እስከዚያ ድረሱልን።