ስለ ካሽሚር ስትጽፉ ከተሞቹን አትርሷቸው

ውድ አዘጋጅ፣ ጤና ይስጥልኝ።

የውጭ ዜና ገጻችሁ ላይ ስለ ካሽሚር የምታወጡትን አነባለሁ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ አንዱን ያነበበ ሁሉንም እንዳነበበ ቁጠሩት። ህንድ ይህን አለች፣ ፓኪስታን ያንን መለሰች፣ ሁለቱም ኑክሌር አላቸው፣ አለቀ። አገሩ ላይ ከተማ ያለ፣ ከተማው ውስጥም ሰው የሚኖር አይመስልም። ካርታ ስታወጡ ደግሞ መሃል ላይ አንድ መስመር ታሰምሩና በዚህ ወገን ህንድ፣ በዚያ ወገን ፓኪስታን ብላችሁ ታልፋላችሁ። ቻይናስ የት ገባች? በስተምሥራቅ አክሳይ ቺን የሚባለውን ብርዳም በረሃ ይዛ የተቀመጠችው እሷ ናት እኮ። በ1950ዎቹ መንገድ አውጥታበታለች፣ በ1962 ደግሞ ከህንድ ጋር ተዋግታበታለች። (ዓመቶቹን በሙሉ የምጽፈው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

እኔ የምለው አንድ ነገር ነው። ይህ ጠብ የሚገባን ከከተሞቹ ስንጀምር ነው። ከመስመሩ ከጀመርን ግን ዕድሜ ልካችንን ብናነበው አይገባንም። እነዚህን ከተሞች አንድ ላይ ያሰራቸው ቋንቋ አይደለም፣ ሃይማኖትም አይደለም። ሽያጭ ነው።

ቀልዴን አይደለም። በማርች 1846 የእንግሊዙ ኢስት ኢንዲያ ኩባንያ ያኔ ካሽሚርን ይገዙ የነበሩትን ሲኮችን ድል አደረገና ካሽሚርን ከእነሱ ተረከበ። በሳምንቱ አምሪትሳር ላይ ተቀምጦ ለጃሙው ገዥ ለጉላብ ሲንግ በ7.5 ሚሊዮን ሩፒ ሸጠለት። ውሉ ዓመታዊ ግብርም አለው፤ አንድ ፈረስ፣ ፀጉራቸው ለሻል የሚሆን 12 ፍየሎች፣ እና ሦስት ጥንድ የካሽሚር ሻል። ፍየሎቹ ስድስቱ ወንድ ስድስቱ ሴት እንዲሆኑ ሳይቀር ተጽፏል። ሕዝቡን ግን ማንም ምን ትላለህ ብሎ አልጠየቀውም።

እንግዲህ ገዢው ጃሙ ነው። ጃሙ በደቡብ፣ ሜዳው አልቆ ተራራው የሚጀምርበት ላይ ያለ ከተማ ነው፤ ሕዝቡ በአብዛኛው ሂንዱ፣ ቋንቋውም ዶግሪ ነው። የተገዛው ስሪናጋር ነው፤ ከተራራው ማዶ በሸለቆው ውስጥ፣ ጄለም ወንዝ ዳርና ዳር የተሠራ፣ ካሽሚርኛ የሚናገር የሙስሊም ከተማ። ስሪናጋር ከዚያ በፊትም የሌላ ሰው አገዛዝ አልጠፋበትም። በ1586 ሙጋሎች ያዙት፣ ከእነሱ ቀጥሎ አፍጋኖች፣ በ1819 ደግሞ ሲኮች። 378 የዝግባ ምሰሶ ያለው ትልቁ መስጊዱ እነዚህን ሁሉ አሳልፏል። ሐይቁ ላይ የምታዩዋቸው የጀልባ ቤቶችም የዚያው ታሪክ ቁራጭ ናቸው፤ ማሃራጃው (ጃሙ የተቀመጠው ንጉሥ) የውጭ ሰው መሬት እንዳይገዛ ሲከለክል እንግሊዞቹ እንግዲያውስ ውሃው ላይ እንኖራለን አሉ።

ሁለቱ ከተሞች እንዴት አብረው እንደኖሩ ማወቅ የሚፈልግ ሰው የቢሮ ጉዞውን ይይ። ከ1872 ጀምሮ መንግሥት በዓመት ሁለት ጊዜ ዕቃውን ይሸክፍ ነበር። በጋ ስሪናጋር፣ ክረምት ጃሙ። ፋይሉ ሁሉ በብረት ሳጥን ታሽጎ በጭነት መኪና ተራራ ለተራራ ወደ 300 ኪሎ ሜትር ይጓዛል፣ ጸሐፊውም ዳኛውም ቤተሰቡን ይዞ ይከተላል። ገንዘብ አባካኝ ነው ተብሎ በ2021 ሲቆም መጀመሪያ የጮኸው ማን መሰላችሁ? የጃሙ ነጋዴ ነው! ክረምት ላይ የሚወርደው የሸለቆው ሰው ደንበኛው ነበራ። ይቺ አንዲት ነገር ከአሥር የጦር ዜና በላይ ትነግረኛለች።

ወደ 1947 እንምጣ። ህንድና ፓኪስታን ሲለያዩ ማሃራጃ ሃሪ ሲንግ ሂንዱ ነው፣ ከሚገዛው ሕዝብ ሦስት አራተኛ የሚሆነው ግን ሙስሊም ነው። ወዲያ ወዲህ ሲል ፑንች ላይ አመፅ ተነሳ፣ ጃሙ አካባቢ ሙስሊሞች በገፍ ተገደሉ፣ በኦክቶበር 22 ደግሞ ከፓኪስታን የተነሱ የጎሳ ታጣቂዎች በሙዛፈራባድ በኩል ገቡ። ባራሙላ ከተማ ሲደርሱ ስሪናጋር ሃምሳ ኪሎ ሜትር ገደማ ብቻ ነበር የቀራት። እነሱ ግን ዝርፊያው ላይ ተጠመዱ። በዚያ መሃል ማሃራጃው ወደ ህንድ ለመግባት ፈረመ፣ በ27 የህንድ ወታደር በአውሮፕላን ስሪናጋር አረፈ። ተኩሱ በጃንዋሪ 1949 ሲቆም ሰው የቆመበት ቦታ ድንበር ሆኖ ቀረ። እናንተ ካርታው ላይ የምታሰምሩት እሱን ነው። እሱም ቢሆን እስከ መጨረሻው አልተሰመረም፤ አንድ ነጥብ ላይ ሲደርስ ከዚህ ወዲያ ወደ ሰሜን፣ ወደ በረዶ ግግሩ ይላል የተኩስ ማቆሙ ውል። በቃ። ማን እዚያ ይወጣል ብለው ነው። በ1984 የሁለቱ አገር ወታደሮች ወጡ፤ ሲያቼን በሚባለው ግግር ላይ ከጥይቱ ይልቅ ብርዱና ናዳው ብዙ ወታደር ፈጅቷል።

አሁን ጊልጊትን ውሰዱ። ስሟን ጽፋችሁ እንደሆነ አላስታውስም። በ1947 ኖቬምበር ላይ የጊልጊት ስካውት የሚባለው ጦር ዊልያም ብራውን ከሚባል እንግሊዛዊ ሻለቃ ጋር ሆኖ የማሃራጃውን ሹም አሰረና ከፓኪስታን ነን አለ። ዛሬም ይጠይቃሉ፤ እንደ ፑንጃብ ሙሉ ክፍለ ሀገር አድርጉን ይላሉ። ፓኪስታን ደግሞ እነሱን ጠቅልላ ካስገባች መላው ካሽሚር ገና ያልተፈታ ጉዳይ ነው የሚለው ክርክሯ ይላላባታል፣ ስለዚህ እሺም እምቢም ሳትል ታቆያቸዋለች። መረጠን የሚሉትን አገር ይዘው ደጅ የሚጠኑ ሰዎች ናቸው።

ሌህና ካርጊል ደግሞ ሌላ ጉድ ናቸው። ሁለቱም በህንድ ወገን ባለው ላዳክ ውስጥ፣ ጎረቤታሞች። ሌህ በአብዛኛው የቡድሂስት ከተማ ናት፤ የጉላብ ሲንግ ጦር በ1834 ገብቶባት ነው ከጃሙ ጋር የተሳሰረችው። ካርጊል የሺዓ ሙስሊም ከተማ ናት። ህንድ በኦገስት 2019 የካሽሚርን ልዩ መብት ሰርዛ ላዳክን ለብቻው ስትቆርጠው ሌህ ጨፈረች፣ ካርጊል አዘነች። ጥቂት ዓመት አለፈና ሌህም ከስሪናጋር ተላቀን ዴልሂ እጅ ወደቅን እንጂ ምን አገኘን አለች። ከዚያማ ሁለቱ ተባብረው ክልል እንሁን ብለው መጠየቅ ጀመሩ። በሴፕቴምበር 2025 ሌህ ላይ ሰልፍ ወጥቶ አራት ሰው ተገደለ። ይህን በህንድና በፓኪስታን መስመር ብቻ እንዴት ታስረዱታላችሁ?

ሙዛፈራባድን አልፋለሁ ብዬ ነበር፣ ግን አውቶቡሱ አላስቻለኝም። በኤፕሪል 2005 ከስሪናጋር በፓኪስታን ወገን ወዳለችው ሙዛፈራባድ አውቶቡስ ተጀመረ። ለስንት ዓሥርተ ዓመታት የተለያየ ቤተሰብ ድልድይ ላይ ተገናኘ። በዚያው ዓመት ኦክቶበር 8 የመሬት መንቀጥቀጡ መጣ፤ ሙዛፈራባድ ፈረሰች፣ በአካባቢው ሁሉ ከ70 ሺህ በላይ ሰው አለቀ። አውቶቡሱ ከ2019 ወዲህ ቆሟል።

ሚርፑርን ግን አላልፋትም። በዚያው በፓኪስታን ወገን ናት። በ1967 የማንግላ ግድብ ሲያልቅ አሮጌዋ ከተማ ከነመቃብሯ ሰጠመች፣ ሰዉም ወደ አዲሷ ሚርፑር ተዛወረ፤ ብዙው ደግሞ በሥራ ፈቃድ እንግሊዝ ገባ። ዛሬ ብራድፎርድና በርሚንግሃም ያለው የፓኪስታን ተወላጅ አብዛኛው ሥሩ እዚያ ነው። ግድቡ ሲጎድል የድሮዎቹ የሂንዱና የሲክ ቤተ መቅደሶች፣ የሙስሊሞቹም የቅዱሳን መቃብሮች ከጭቃው ብቅ ይላሉ፣ ሰው ሄዶ ይሳለማል። ሂንዱዎቹና ሲኮቹ ግን የሉም፤ በ1947 የተረፉት ተሰደዋል። መስመሩ ማዶም እንዲሁ ሆኗል፤ በ1990 ግድያውና ዛቻው ሲበዛ አብዛኛው የስሪናጋር ሂንዱ ሸለቆውን ለቆ ጃሙ መጠለያ ገባ። ማንም ከማንም ንጹህ አይደለም።

በኤፕሪል 2025 በህንድ ወገን በምትገኘው ፓሃልጋም ላይ 26 ሰው ሲገደልና ሁለቱ አገሮች በሜይ ሲደባደቡ ጋዜጣችሁ ስለ ሚሳይሉ ብዙ ጻፈ። ህንድ የ1960ውን የኢንደስ ውሃ ስምምነት ማገዷን ግን በአንድ ዓረፍተ ነገር አለፋችሁት። እነ ጄለም እኮ በእነዚህ ከተሞች አልፈው ነው ፓኪስታንን የሚያጠጡት።

ስለዚህ የምጠይቀው ቀላል ነው። በሚቀጥለው ጊዜ ካርታው ላይ ስሪናጋርን፣ ጃሙን፣ ሌህን፣ ካርጊልን፣ ጊልጊትን፣ ሙዛፈራባድንና ሚርፑርን ጻፉ። ቻይና የያዘችውንም ለዩ። ዜናው ከየትኛው ከተማ እንደመጣ ንገሩን፣ የሌላው ከተማ ሰው ምን እንዳለም ጨምሩበት። ቦታ ጠበበ ካላችሁ ሁሌ የምታወጡትን የሁለቱን ጠቅላይ ሚኒስትሮች ፎቶ አንሱት፣ መልካቸውን ለምደነዋል።

አክባሪያችሁ፣
የዘወትር አንባቢያችሁ