ፈልጎ ማግኘት፣ አግኝቶ መደርደር፦ የአይሲቲ ክበብ የ2017 ዓ.ም. ዘገባ

የአይሲቲ ክበባችን ዘንድሮ ዓመቱን ሙሉ የያዘው አንድ ሥራ ነው፤ የኮምፒውተር ጨዋታዎችን ከዲጂታል መደብር ፈልጎ ማግኘትና ያገኙትን በሥርዓት ማደራጀት። ሐሳቡ ሲነሳ አንዳንድ ወላጆች "ጌም ደግሞ ምን ትምህርት አለው?" ብለው ጠይቀውናል። ተገቢ ጥያቄ ስለሆነ ይህን ዘገባ ስጽፍ ከሁሉ በፊት እነሱን አስቤ ነው።

ጅማ ውስጥ ልጆቻችን ጌም የሚያውቁት በሁለት መንገድ ነው። አንደኛው በየሰፈሩ ያለው የፕሌይስቴሽን ቤት ነው፤ በጨዋታ ሒሳብ ተከፍሎ ኳስ ይጫወቱበታል። ሁለተኛው ፍላሽ ነው። የጓደኛ ጓደኛ በፍላሽ አንድ ፎልደር ያመጣል፤ ውስጡ ክራክ የተደረገ፣ ማለትም መከላከያው ተሰብሮ ያለ ክፍያ የሚሠራ፣ ጨዋታ አለ፤ ማን እንደሠራው፣ ስንተኛው ቅጂ እንደሆነ፣ ምን ቫይረስ ተሸክሞ እንደመጣ የሚያውቅ የለም። በሁለቱም መንገድ ልጁ የደረሰውን ይጫወታል እንጂ አይመርጥም። እኔን ያሳሰበኝ ይህ ነው። የ15 ዓመት ልጅ የሚፈልገውን ነገር በቃላት መግለጽ፣ ፈልጎ ማግኘት፣ ካገኘው መካከል የማይረባውን መተውና የያዘውን በቦታው ማስቀመጥ ካልለመደ ነገ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ የምርምር ጽሑፍ ሲፈልግ በምን ሊፈልግ ነው? ለዚህ ልምምድ ልጆቹ በገዛ ፈቃዳቸው ሰዓት የሚያጠፉበት ነገር ከሁሉ የተሻለ መማሪያ ይሆናል ብዬ አመንኩ፤ ዛሬም አምናለሁ።

የመረጥነው መደብር ስቲም ነው። ባለቤቱ ቫልቭ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ሲሆን መደብሩን ለሕዝብ የከፈተው እ.ኤ.አ. መስከረም 12 ቀን 2003 ነው። አንዲት የ10ኛ ክፍል ተማሪ ቀኑን ወደ እኛ አቆጣጠር ስትመልሰው መስከረም 1 ቀን 1996 ዓ.ም. ሆኖ አገኘችው፤ ልክ በእንቁጣጣሽ! የኮምፒውተር ክፍላችን (ላቡ) በጭብጨባ ተሞላ። መጀመሪያ ላይ ስቲም የኩባንያውን የራሱን ጨዋታዎች ማደሻ ነበር። እ.ኤ.አ. ከ2005 ጀምሮ የሌሎች ሠሪዎች ጨዋታዎችም ይሸጡበት ጀመር። እ.ኤ.አ. ከ2017 ወዲህ ደግሞ ማንኛውም ሠሪ ለአንድ ጨዋታ 100 ዶላር ከፍሎና መስፈርቱን አሟልቶ ማቅረብ ይችላል። በሩ ሰፋ፤ እ.ኤ.አ. በ2024 ብቻ ከ18 ሺህ በላይ አዳዲስ ጨዋታዎች ገቡ። ልጆቹ ለ365 አካፍለው በቀን ወደ 50 ገደማ መሆኑን ሲያዩ፣ መፈለግ ለምን ራሱን የቻለ ሙያ እንደሆነ ሳላብራራ ገባቸው።

ፍለጋውን የጀመርነው ከራሳችን ማሽን ነው። የላባችን ኮምፒውተሮች 4 ጊጋባይት ራም ያላቸው፣ የተለየ የግራፊክስ ካርድ የሌላቸው ናቸው። እያንዳንዱ ጨዋታ በገጹ ግርጌ ዝቅተኛና የሚመከር የኮምፒውተር አቅም ይጽፋል፤ ብዙ ሰው ወደዚያ ሳይወርድ በፎቶው ተማርኮ ያወርዳል። የክበቡ የመጀመሪያ ሕግ "ከታች ጀምረህ አንብብ" ሆነ። ፕሮሰሰር ምንድን ነው፣ ራም ከሃርድ ዲስክ በምን ይለያል የሚሉት ጥያቄዎች በመማሪያ መጽሐፋቸው ውስጥ ዓመታት ተቀምጠው ያልገቧቸው ልጆች፣ "ይህ ጨዋታ በእኛ ማሽን ይነሳል ወይስ አይነሳም?" በሚል ክርክር ውስጥ በሁለት ሳምንት ጠንቅቀው አወቁት።

ከዚያ ወደ መለያዎቹ፣ የጨዋታውን ዓይነት ወደሚገልጹትና ልጆቹ "ታግ" ወደሚሏቸው አጫጭር ቃላት፣ ተሻገርን። የዓመቱ ትልቁ ትምህርት የነበረው እዚህ ላይ ስለሆነ በዝርዝር ላውራው። የቤተ መጻሕፍት ኃላፊያችን አንድ ሐሙስ ከሰዓት ላቡ ድረስ መጥተው ስለ ዲዊ አመዳደብ አስረዱልን። ይህ እ.ኤ.አ. በ1876 የታተመ ሥርዓት የሰው ልጅን እውቀት በ10 ዋና ክፍሎች ይከፍላል፤ አንድ መጽሐፍ አንድ ቁጥር ያገኛል፣ በአንድ መደርደሪያ ላይ አንድ ቦታ ይቆማል። በስቲም ግን አንድ ጨዋታ እስከ 20 መለያ ሊኖረው ይችላል፤ መለያዎቹን የሚለጥፉት ሠሪዎቹ ብቻ ሳይሆኑ እ.ኤ.አ. ከ2014 ጀምሮ ተጫዋቾችም ናቸው። "ታዲያ የቱ ይሻላል?" ብለው ኃላፊዋ ሲጠይቁ ክፍሉ ለሁለት ተከፈለ።

ክርክሩን በተግባር እንዲፈቱት መልመጃ ሰጠኋቸው። ኦፕንቲቲዲ የሚባል በነፃ የሚገኝ ጨዋታ አለ፤ እ.ኤ.አ. በ1995 የወጣን የቆየ የትራንስፖርት ንግድ ጨዋታ መነሻ አድርገው በጎ ፈቃደኞች የሠሩት ነው፣ ከ2021 ጀምሮ በስቲም ላይ ይገኛል። በጣም ትንሽ ስለሆነ አሮጌ ማሽን አይከብደውም። ተማሪዎቹ የመደብሩን ገጽ ሳያዩ ጥቂት ከተጫወቱት በኋላ እያንዳንዳቸው አምስት መለያ በካርድ ጽፈው ግድግዳ ላይ ለጠፉ። አንዱ "ባቡር" አለ፣ አንዱ "ንግድ"፣ አንዷ "ካርታ"፣ ቡና ነጋዴ አባት ያለው ልጅ "ጭነት" ብሎ ጻፈ። ከዚያ ገጹን ከፍተን አስተያየን። ባቡርም፣ ትራንስፖርትም፣ አስተዳደርም፣ ስትራቴጂም ተጽፎ አገኘን። ሁሉም ትክክል ነበሩ፤ አንድ መደርደሪያ ብቻ ቢኖር ግን ከእነዚህ ውስጥ አንዱ ብቻ ቦታ ያገኝ ነበር። የቤተ መጻሕፍት ኃላፊዋ በበኩላቸው ሌላውን ጎን አሳዩን፤ መለያ በበዛ ቁጥር ይላላል፣ "ስትራቴጂ" የሚለው በብዙ ሺህ ጨዋታ ላይ ከተለጠፈ ብቻውን ማንንም የትም አያደርስም፣ ስለዚህ ሁለትና ሦስት መለያ አጣምሮ መፈለግ ግድ ነው። ከዚያን ቀን በኋላ ልጆቹ በፍለጋ ገጹ ላይ "ነፃ"፣ "ተራ በተራ የሚሄድ" እና "ስትራቴጂ" የሚሉትን አንድ ላይ ምልክት አድርገው፣ የማይፈልጉትን መለያ ደግሞ አስወግደው መፈለግ ለመዱ። ዘ ባትል ፎር ዌስኖዝ የተባለውን ጨዋታ ያገኙት በዚህ መንገድ ነው፤ ማንም አልነገራቸውም።

መደብሩ ራሱ የሚያቀርበው ምርጫም አለ። ቀደም ብለህ የተጫወትከውን አይቶ ይህንንም ይወዱታል እያለ አንድ በአንድ ያሳያል። ይጠቅማል፤ ነገር ግን መኪና የተጫወተ ልጅ መኪና በመኪና ላይ ሲደረደርለት አይተናል። የእኔ ፍርድ፦ መጀመሪያ ራስህ ፈልግ፣ የመደብሩን ምክር በኋላ ተመልከት።

የተጫዋቾችን አስተያየት ማንበብ ወደ ሒሳብ ክፍል ወሰደን። ስቲም ለአንድ ጨዋታ ደረጃ የሚሰጠው ቢያንስ 10 አስተያየት ሲኖረው ነው። ከ10 ሰው 10ሩ የወደዱት ጨዋታ 100 በመቶ ነው፤ ከ10 ሺህ ሰው 9,600ው የወደዱት 96 በመቶ ነው። የትኛውን ታምናላችሁ? መጀመሪያ አብዛኞቹ 100ውን መረጡ። ከዚያ "ሁለት ሰዎች ሐሳባቸውን ቢቀይሩስ?" ብዬ ጠየቅሁ። አንደኛው ወደ 80 በመቶ ይወርዳል፣ ሁለተኛው ግን ከቦታው ንቅንቅ አይልም። መደብሩም ከፍተኛውን ደረጃ የሚሰጠው 95 በመቶና ከዚያ በላይ ድጋፍ ብቻ ሳይሆን ቢያንስ 500 አስተያየትም ላለው ነው። የሒሳብ መምህራችን ይህን ምሳሌ ለስታቲስቲክስ ትምህርት ወስደውታል፤ ደስ ብሎኛል።

ወደ ማደራጀቱ ስመጣ፣ በዚህ ዓመት ከልጆቹ የተማርኩት እዚህ ይበዛል። እ.ኤ.አ. ከ2019 ጀምሮ በስቲም ላይብረሪ (የአንድ አካውንት ጨዋታዎች በሚታዩበት ገጽ) ውስጥ ጨዋታዎችን በስብስብ ማደራጀት ይቻላል፤ ስሙን አንተ ትሰጣለህ፣ አንድ ጨዋታም በብዙ ስብስብ ውስጥ ሊገባ ይችላል። ማጣሪያ ብቻ ሰጥተኸው ራሱን በራሱ የሚሞላ ስብስብም አለ፤ ከማጣሪያው ጋር የሚስማማ አዲስ ጨዋታ ላይብረሪው ውስጥ ሲጨመር ራሱ ይገባበታል። እኔ "ስትራቴጂ"፣ "ስፖርት"፣ "እንቆቅልሽ" የሚል አከፋፈል ይሠራሉ ብዬ ጠብቄ ነበር። እነሱ የሠሩት ከኑሯቸው የመነጨ ነው። "ያለ ኢንተርኔት የሚሠራ"፣ "ከታናሽ እህቴ ጋር የምጫወተው"፣ "ከፈተና በኋላ"። ከሁሉም የወደድኩት "መብራት ቢጠፋም የማይጎዳ" የሚለው ነው፤ በፈለጉት ቅጽበት ሴቭ የሚሆኑ ጨዋታዎች ብቻ የሚገቡበት። ክረምት በሚበረታበት በእኛ ከተማ ይህ መለያ በየትኛውም መደብር ከተጻፈው ሁሉ ይልቅ ይጠቅማል። ይህን ያሰበችው የ9ኛ ክፍል ተማሪ በሚቀጥለው ሳምንት እያንዳንዱን ጨዋታ በተግባር ፈትሻ ሁለቱን ከስብስቡ አውጥታለች። አደረጃጀት ማለት ይህ ነው፤ ስም መስጠት ብቻ ሳይሆን ስሙ እውነት መሆኑን መፈተሽ።

የኢንተርኔቱ ነገር ብዙ አስቸግሮናል። ከሰዓት በኋላ ፍጥነቱ ይወርዳል፤ አንድን ጨዋታ በየኮምፒውተሩ ማውረድ የማይታሰብ ነበር። መፍትሔው ከራሱ ከስቲም ተገኘ። እ.ኤ.አ. ከ2023 ጀምሮ አንድ ኮምፒውተር ላይ ያለ ጨዋታ በውስጥ ኔትወርክ ወደ ሌላው ሊተላለፍ ይችላል፤ ሁለቱም ስቲም ከፍተው መግባታቸውና ተቀባዩ ጨዋታውን የማግኘት መብት ያለው መሆኑ ያስፈልጋል። ማስተካከያው ማስተላለፍ የሚፈቀደው ለጓደኛ ብቻ እንዲሆን ተደርጎ ይመጣል። 5 ዶላር ያላወጣ አካውንት ደግሞ የጓደኝነት ጥያቄ መላክ አይችልም፤ የእኛ ተማሪዎች አካውንት ሁሉ እንዲህ ያለ ነው። ስለዚህ በላቡ ውስጥ ማስተካከያውን "ለማንኛውም ሰው" ብለን ከፈትነው። ጠዋት ኢንተርኔቱ ሲፈጥን አንዱ ኮምፒውተር ላይ እናወርዳለን፤ ከሰዓት ኮምፒውተሮቹን በሚያገናኘው ስዊችና በኬብል ወደ ሌሎቹ ይዳረሳል። ይህን የዘረጉት ሁለት የ11ኛ ክፍል ተማሪዎች ናቸው፤ የኬብሉን ጫፍ ጭምር ራሳቸው ቀጥቅጠው ሠሩት።

ገንዘብን በተመለከተ ክበቡ አንድም ጨዋታ አልገዛም። ዋጋው ለእኛ በዶላር ነው የሚታየው፤ ነፃ ጨዋታዎችና መሞከሪያ ቅጂዎች ደግሞ ለዓመቱ ከበቂ በላይ ነበሩ። የሚፈልጉትን የሚከፈልበት ጨዋታ ግን በምኞት ዝርዝር ውስጥ እንዲያስገቡ፣ ከወር በኋላም ተመልሰው እንዲያዩት አደረግን። ግማሹን ራሳቸው ሰረዙት። የመመለሻ ደንቡንም አጥንተናል፤ በተገዛ በ14 ቀን ውስጥ፣ ከ2 ሰዓት በታች ከተጫወቱት ገንዘቡ ይመለሳል።

በዚህ መሐል አንድ ተማሪ "ቲቸር፣ ከገዛሁት የእኔ ነው?" ብሎ ጠየቀ። መልሱ ብዙዎቹን አስደነገጠ። ስቲም ላይ የሚገዛው የመጠቀም ፈቃድ ነው፤ እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 2024 ጀምሮም መደብሩ ይህንኑ ሲከፍሉ በግልጽ ያሳያል። በአንጻሩ ሲዲ ፕሮጄክት በተባለው የፖላንድ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2008 የተከፈተው ጂኦጂ የተባለ መደብር ያለ ቁልፍ የሚሠራ መጫኛ ፋይል ይሰጣል፤ አውርደህ በሃርድ ዲስክህ ልታስቀምጠው ትችላለህ። ከዚህ ተነስተን ስለ ክራክ በግልጽ ተነጋገርን። በላቡ ኮምፒውተሮች ላይ የተሰረቀ ጨዋታ እንዳይጫን የወሰኑት ተማሪዎቹ ናቸው፤ እኔ ድምፅ አልሰጠሁም። ምክንያታቸውን አንዱ እንዲህ አለ፦ "እኛም አንድ ቀን ሠርተን መሸጥ እንፈልጋለን።" አዲስ አበባ ያለው ቅኔ ጌምስ ለሞባይል የሠራቸውን "ገበጣ" እና "ኩኩሉ" አይተዋልና ነገሩ ሩቅ አይደለም።

የቀረውን በአጭሩ፦ በወላጆች ቀን ክበቡ የራሱን ጠረጴዛ ይዞ አባላቱ እንግዶችን "ምን ዓይነት ጨዋታ ይፈልጋሉ?" እያሉ እየጠየቁ በመለያ ፈልገው ሲያገኙላቸው ነበር። አንድ አባት ልጃቸው ያለ ማንም እርዳታ የቼዝ ጨዋታ በሦስት ማጣሪያ ሲያገኝላቸው ቁጭ ብለው አንድ ዙር ተጫውተዋል። የሴት ተማሪዎች ቁጥር ከወንዶቹ ያነሰ ቢሆንም የስብስብ አደረጃጀቱን የመሩት በአብዛኛው እነሱ ናቸው። የ12ኛ ክፍል አባላት ከመጋቢት በኋላ ወደ ፈተና ዝግጅታቸው ገብተዋል፤ ከመሄዳቸው በፊት የላቡን ጨዋታዎች ሁሉ በስም፣ በመጠን፣ በሚፈልጉት ራምና በስብስባቸው የያዘ መዝገብ በኤክሴል ሠርተው አስረክበዋል። መዝገቡ ከቤተ መጻሕፍት ኃላፊዋ ጋር አለ፤ ማንኛውም ተማሪ ማየት ይችላል።

ለ2018 ዓ.ም. የሚያስፈልገን አንድ ትልቅ ውጫዊ ሃርድ ዲስክ ነው፤ የመጠባበቂያ ቅጂ የምናስቀምጥበት ስለሌለን አንድ ኮምፒውተር በተበላሸ ቁጥር ከዜሮ እንጀምራለን። የወላጅ መምህር ኅብረት እንዲያስብበት እጠይቃለሁ። አዲስ ምዝገባ በመስከረም ትምህርት ሲጀመር በአይሲቲ ላብ ይካሄዳል፤ የሚመዘገብ ተማሪ የራሱ ኢሜይል ይኑረው፣ ምን ዓይነት ጨዋታ እንደሚፈልግም በአምስት ቃል ጽፎ ይምጣ።